ክፍያዎ ሂደት ላይ ነው

የመንግሥት ትምህርት ቤት ሠርተው ያስረከቡ ተቋራጭ ከሆኑ በቅድሚያ እንኳን ደስ አለዎት። ሪባኑ ተቆርጧል፣ ተማሪዎቹ ገብተዋል፣ ሕንፃው በዜና ታይቷል። የቀረው ገንዘብዎ ብቻ ነው። እሱን በሚመለከት ጥቂት ልምከርዎ።

ከሁሉ በፊት ውልዎን ደግመው አያንብቡ። በፊዲክ፣ በዓለም አቀፉ የግንባታ ውል ደንብ፣ የሚመራ ከሆነማ ጨርሶ አይንኩት። የ1999 እ.ኤ.አ. ቀይ መጽሐፍ፣ የክፍያ ጥያቄዎ መሐንዲሱ ዘንድ በደረሰ በ56 ቀን ውስጥ አሠሪው ይክፈል፣ ካዘገየም ወለድ ይጨምር ይላል። እንዲህ ያለ ነገር ማታ ሲነበብ እንቅልፍ ይነሳል። ወለዱን በደብዳቤ ከጠየቁ ደግሞ በመሥሪያ ቤቱ ኮሪደር ስምዎ «ያ ነገረኛ» ይሆናል።

ይልቅ ጉልበትዎን ለክፍያ ሰርተፍኬቱ ይቆጥቡ። ሰርተፍኬት በራሱ እግር አይሄድም። ተቆጣጣሪው የልኬት ቅጹን፣ ቴክኦፍ ሺቱን፣ ገልጦ «የዚህን ኮለን ፌሮ እንደገና ካልቆጠርኩ» ይላል። ፌሮው ኮንክሪት ውስጥ ከገባ ዓመት አልፎታል፣ ኮለኑም ተለስኖ ቀለም ተቀብቷል። ቢሆንም ይታገሡት። ከአማካሪው በሸኚ ደብዳቤ ከወጣ በኋላ መዝገብ ቤት ይገባል። እዚያ የምትሠራዋን እህት ስም ይወቁ፣ የልጆቿን ጤና ይጠይቁ፤ ፋይሉ የማን ጠረጴዛ ላይ እንዳረፈ ከሥራ አስኪያጁ ይልቅ የምታውቀው እሷ ናት። ፋይናንስ ሲደርስ አንድ ፊርማ ይጎድለዋል። ፈራሚው ስብሰባ ላይ ናቸው። ስብሰባው ስለ ፕሮጀክቶች መዘግየት ነው።

ሰኔን ይጠንቀቁ። የበጀት ዓመቱ ሰኔ 30 ይዘጋል። ከዚያ በፊት ከሄዱ «ወረፋ አለ»፣ ከዚያ በኋላ ከሄዱ «የአዲሱ ዓመት በጀት ገና አልተለቀቀም» ይባላሉ። ሁለቱም እውነት ነው፤ ማንም አልዋሸዎትም።

ደረሰኝ አስቀድመው እንዲቆርጡ ከተጠየቁ ይቁረጡ። 15 በመቶው ቫት ጊዜውን ጠብቆ ይፈለጋል፤ ገቢዎች «ሂደት ላይ ነው» የሚባል መልስ አያውቅም። ለፌሮ ነጋዴው የሰጡት ቼክ ባንክ ደርሶ ስንቅ ካጣ ጉዳዩ ወንጀል ነው። መሥሪያ ቤቱ የያዘው የእርስዎ ገንዘብ ግን ተከፋይ ሂሳብ ይባላል። የቀን ሠራተኛው ቅዳሜ ይከፈለኛል ብሎ የመጣ ነው፤ ለእሱ ምክር የለኝም።

የዋጋ ነገር አያሳስብዎ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የብር ምንዛሪ ለገበያ ሲለቀቅ፣ 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በሳምንታት ውስጥ 100ን ተሻገረ። ጠረጴዛ ላይ የተኛው ሰርተፍኬት ግን አንዲት ሳንቲም አልተነቃነቀም። በዚህ ዘመን እንዲህ የረጋ ዋጋ ከየት ይገኛል?

ሌላ ያላለቀ ሥራ እጅዎ ላይ ካለ አቆማለሁ ብለው አይዛቱ። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ስለ አስተዳደር ውሎች በሚናገርበት ክፍል ይህን አስቦበታል፦ መሥሪያ ቤቱ ግዴታውን ባይወጣም፣ ሥራውን መቀጠል የማይቻል እስካልሆነ ድረስ እርስዎ የእርስዎን ይወጣሉ። ካዘገዩ ቅጣቱ በየቀኑ ይቆጠራል። ሰማይ አይታረስ ንጉሥ አይከሰስ ይባል ነበር። ንጉሡ በ1967 ዓ.ም. ወርደዋል፤ ተረቱ ግን ሥራውን አልለቀቀም።

ሲሰለችዎ ጋዜጣ ይግዙ። ያው መሥሪያ ቤት አዲስ ጨረታ አውጥቷል። ሥራውን በራስዎ ጥሬ ገንዘብ ወይም በባንክ ብድር ማንቀሳቀስ እንደሚችሉ ማስረጃ ያቅርቡ ይላል። እሱ ራሱ ያልከፈለዎት በማስረጃነት አይያዝም። የጨረታ ሰነዱ ዋጋ የማይመለስ ሲሆን የሚከፈለውም በቅድሚያ ነው።