የአባባ ጥርስ

ቆቃ አንድ ዓሣ ቤት ቁጭ ብለናል። ቆሮሶ ጥብስ ካዘዝን ቆየን፤ ገና ከሐይቁ አልወጣም መሰለኝ። ግድግዳው ላይ ጥጃ የሚያክል ዓሣ ተሥሏል። ሠዓሊው ጦሙን ውሎ ሳይሥለው አልቀረም።

አጠገባችን ከእናቱ ጋር የተቀመጠ ወጣት ስልኩን ዘረጋልን። «አያቴን እዩልኝማ!» የቆቃ ግድብ ሲሠራ የቀን ሠራተኛ ሳሉ የተነሡት ፎቶ ነው አለን። ግድቡ ጣሊያን በከፈለችው የጦር ካሳ ተሠርቶ በ1952 ዓ.ም. ስላለቀ፣ ሽማግሌው ከ60 ዓመት በላይ እንደ ተኮሳተሩ ቆመዋል ማለት ነው። ልጁ ፎቶ የሚያንቀሳቅስ መተግበሪያ ከፍቶ ነካ ሲያደርጋቸው ዓይናቸውን ጨፈን ገለጥ አደረጉና ፈገግ አሉ። አንድም ያልጎደለ፣ በረዶ የመሰለ ጥርስ!

እናት እንባዋን በነጠላዋ ጠረገች። ጠርጋ ስትጨርስ ነው ትዝ ያላት፦ «አባቴ እኮ የፊት ጥርስ አልነበራቸውም። በቅሎ ረግጣቸው...»

«ላጥፋው እማ?»

«ተወው፣ ያምርባቸዋል። ምን እያሉ ነው ግን?»

«ምንም። ለድምፁ ይከፈላል።»

እ.ኤ.አ. በ1900 ስቱዋርት ብላክተን የተባለ ሠዓሊ ለኤዲሰን ኩባንያ በተሠራ አጭር ድምፅ አልባ ፊልም ላይ እንዲሁ የተሣለ ነገር ነፍስ ሲዘራ አሳይቶ ነበር። ወረቀት ላይ የሰው ፊት፣ ጠርሙስና ብርጭቆ ይሥላል፤ ከዚያ ጠርሙሱን ከወረቀቱ ላይ አንሥቶ፣ ቀድቶ ይጠጣል። የተሣለው ፊትም ስሜቱ ይለዋወጣል። ዘዴው ካሜራውን አቁሞ፣ ዕቃውን ለውጦ፣ እንደገና ማስነሣት ነው። (ልብ በሉ፤ ሰውየው ጠጥቷል።) የእኛዎቹ ደግሞ የአዲስ አበባን የመጀመሪያ ሲኒማ ቤት «የሰይጣን ቤት» ብለው ሸሹት። ዛሬ እንስቅባቸዋለን። እነሱ ግን ቢያንስ ጠርጥረዋል፤ እኛ የሌለ ጥርስ አይተን «አቤት ሲመስሉ!» እንላለን። እኔም ብያለሁ።

ልጁ ሞቅ አለውና «እስክስታም ይመታሉ» አለ። እናት ተቆጣች። አባቷ ሰርግ ላይ እንኳ ቆመው የማያውቁ ሰው ናቸው። ጥርሱን የፈቀደችው ሴትዮ ትከሻውን ከለከለች።

እሱም ስልኩን ወደ ግድግዳው አዞረ። ጥቂት ቆይቶ ያ ጥጃ የሚያክል ዓሣ ጭራውን እያማታ ዘለለ፣ ውኃው ተረጨ፤ እኛም አንገታችንን አስግገን አጨበጨብን።

አስተናጋጇ መጣች።

«ዓሣ አልቋል። ሽሮ ይሁንላችሁ?»