የጎንደር ልጅ የህንድ ሞክሼ

ጎንደር ላይ ወንድ ልጅ ስም አያጣም፤ ችግሩ መብዛቱ ነው። አያት ልጁ በተወለደ ሰዓት አንዱን ታወጣለታለች። አባት ከሥራ ሲመለስ ሌላ ይዞ ይገባል። በአርባኛው ቀን ቄሱ ሁለቱንም ሳይጠይቁ ሦስተኛውን ይጨምሩበታል። ልጁ ቆሞ መሄድ ሲጀምር ደግሞ ሰፈር የራሱን ይለጥፍበታል፤ ይኼኛው ማንም ሳይመርቀው ከሁሉም በላይ የሚጸናው ነው።

ከእነዚህ ሁሉ የቤት ስም የሚባለው ጨዋታ አዋቂ ነው። ሙሉ ዐረፍተ ነገር ሆኖ፣ አንዳንዴም ማኅተም እንደሌለው አቤቱታ ሆኖ ይወጣል። ወንድሙ ከሞተበት በኋላ የመጣ ልጅ ካሳ፣ ካሳሁን፣ ምትኩ ወይም ማስረሻ ይባላል። ተጠብቆ ተጠብቆ የመጣው ዘገየ ነው። ልጅ የበዛበት ቤት የመጨረሻውን ይበቃል ብሎ ይሰይምና፣ ከሁለት ዓመት በኋላ ለይበቃል ታናሽ ስም ፍለጋ ይገባል። ገና አንገቱን ያላቀና ጨቅላ ደግሞ ደምሰው፣ በላቸው፣ ግዛቸው ተብሎ ጡት ሳይጥል ግዳጅ ይቀበላል።

አሁን አሁን ግን አባቶች ስም የሚፈልጉት ከስልካቸው ነው። ስልኩም ስለ ስም በተጠየቀ ቁጥር የሳንስክሪት ዝርዝር ማውጣት ይወዳል፤ አጭር ነው፣ ለአፍ ይጥማል፣ ውጭ አገር ላለው አጎትም ለመጻፍ አያስቸግርም። አዘዞ ላይ አንድ አባት ይህን ይዞ ወደ እናቱ ቢገባ ነገሩ እንዲህ ይሆናል።

«እማማ፣ አናንድ ልንለው ነው።»

«ማነው እሱ ደግሞ? በየትኛው ቀን ነው የሚውል?»

«ቅዱስ አይደለም፤ በህንዶች ጥንታዊ ቋንቋ ደስታ ማለት ነው።»

«እና ደስታ በለዋ! አማርኛው ምን በደለህ?»

አባት ስልኩን ወደ ታች ይገፋል። ቪጃይ? ድል ማለት ነው። «ድሉ አለልህ።» ፕራካሽ? ብርሃን። «ብርሃኑማ አጎትህ አይደለም እንዴ! ቢሰማህ ምን ይልሃል?» አሾክ? ሐዘን የሌለበት ማለት ነው። እዚህ ላይ አያት ትንሽ ታስባለች። «እሱን እንኳ ማስረሻ ይበልጠዋል» ትላለች፤ «ሐዘን የሌለበት ሰው የታለና? ማስረሻ ግን መኖሩን አምኖ ያስረሳል።»

አያት ክርክሩን አሸንፋለች። ሆኖም በውጭ ስም ላይ ይህን ያህል የጨከነችው ሴት ወንድሟ ፋሲል፣ የበኩር ልጇ ቴዎድሮስ ሊሆን ይችላል። ፋሲል ከሰማዕቱ ፋሲለደስ የመጣ ነው፤ ሥሩም ንጉሥ ከሚለው የግሪክ ቃል ይመዘዛል። ከ1632 እስከ 1667 እ.ኤ.አ. የነገሠው ዐፄ ፋሲል ጎንደርን መናገሻ ካደረጋት ወዲህ ግን ስሙ ከግንቡ እኩል የአገሩ ድንጋይ ሆኗል። ግሪክነቱን የሚያነሣ ሰው ቢመጣ ከአራዳ በሰላም መውጣቱ ያጠራጥራል።

ቴዎድሮስም ግሪክ ነው፤ የእግዚአብሔር ስጦታ ማለት ነው። የቋራው ካሳ ኃይሉ በየካቲት 1847 ዓ.ም. ወደ ስሜኑ ደረስጌ ማርያም ሲገባ በእናቱ ቤት ስም ገባ፤ በአቡነ ሰላማ እጅ ተቀብቶ ሲወጣ ቴዎድሮስ ሆነ። ቤተ ክርስቲያኑን ለገዛ ንግሣቸው ያሠሩት ደጃዝማች ውቤ ነበሩ፤ ካሳ ድል ነሥቷቸው ድግሱን ወረሰ። ስሙን የመረጠውም ለአፍ ስለጣመው አልነበረም። ፍካሬ ኢየሱስ የተባለው መጽሐፍ ቴዎድሮስ የሚባል ንጉሥ መጥቶ ዓለምን በሰላም እንደሚገዛ ስለሚናገር ነው። ካሳ ትንቢቱ እስኪደርስለት አልጠበቀም፤ ሄዶ ስሙን ለበሰው። ለጦር ሜዳ ደግሞ አባ ታጠቅ የሚለው የፈረስ ስሙ ነበረው።

ይህ የእግዚአብሔር ስጦታ በሳንስክሪት ሞክሼ አለው፤ ዴቫዳታ ይባላል። የህንዱ ሞክሼ ግን ዕጣው ለየት ይላል። አንዱ ዴቫዳታ ቡድሃን የተቀናቀነው የአጎቱ ልጅ ነው። ከዚያ ይልቅ ታዋቂው የሳንስክሪት ሰዋስው መምህራን ምሳሌ በፈለጉ ቁጥር የሚጠሩት ዴቫዳታ ነው። በመጻሕፍታቸው የሚታወቅበት ሥራም ሩዝ ማብሰል ነው። የእኛ ተማሪ ማንበብ ሲጀምር አበበን ከነበሶው እንደሚያገኘው፣ የእነሱም ዴቫዳታን ምድጃ ላይ ያገኘዋል። እዚያ የሚያበስለው፣ እዚህ የሚበላው ልጁን ተማሪ አድርጎታል።

ነገሩ በዚህ አያበቃም። ገብረ ማርያም፣ ገብረ ሥላሴ የሚሉ ስሞች «አገልጋይ» ብለው እንደሚጀምሩ፣ ሳንስክሪቱም ዳስ የሚል ቃል አለው፤ ራምዳስ የራማ አገልጋይ ነው፣ ክሪሽናዳስ የክሪሽና። ልዩነቱ የአቋቋም ነው። የግዕዙ አገልጋይ ከጌታው ፊት ፊት ይሄዳል፤ የህንዱ ከኋላ ይከተላል። የትኛው ይበልጥ ትሑት እንደሆነ ሊቃውንቱ ይከራከሩበት።

ወንድ ልጅን ስለ መሰየም የህንድ ጥንታዊ የቤት ሥርዓት መጻሕፍት ጥብቅ ናቸው። የወንድ ስም ሁለት ወይም አራት ቀለም ይኑረው፣ የሴት ጎዶሎ ቁጥር ይሁን ይላሉ። በዚህ ፈተና ካሳ ያልፋል፤ ዓለማየሁ በአንድ ቀለም ትርፍ ይወድቃል። ከዚያ ኮከብ ይመጣል። ህንዶች ጨረቃ የምታልፍባቸውን 27 ማደሪያዎች እያንዳንዳቸውን በአራት ከፍለው 108 የስም መነሻ ድምፆች አበጅተዋል። ልጁ በተወለደ ሰዓት ጨረቃዋ የቆመችበት ሩብ ስሙ በምን እንደሚጀምር ይወስናል።

በጎንደር ሒሳቡ የተገለበጠ ነው። ዐውደ ነገሥት የሚገልጥ ደብተራ የሰውየውን ስምና የእናቱን ስም ፊደል በቁጥር ይተምናል፣ ይደምራል፣ ለ12 ያካፍላል፤ ቀሪው ኮከቡን ይነግረዋል። ህንድ ከኮከብ ወደ ስም ትወርዳለች፤ ጎንደር ከስም ወደ ኮከብ ትወጣለች። ስለዚህ እዚህ ኮከቡ ያልወደደለት ሰው መፍትሔ አለው፤ ስሙን መለወጥ ይችላል። የእናቱን ስም መለወጥ ግን ከባድ ነው።

ምሥጢረኝነት ላይ ሲደርሱ ሁለቱ አገሮች ተመካክረው የሠሩት ይመስላል። የህንዶቹ መጻሕፍት ለወንድ ልጅ ወላጆቹ ብቻ የሚያውቁት ሌላ ስም እንዲወጣለት ያዛሉ፤ ለትምህርት ሥርዓት እስኪደርስ ድረስ ይደበቃል። ጎንደሬውም የክርስትና ስሙን እንደ መሬት ወረቀቱ ይሸሽገዋል። ወንድ በአርባ፣ ሴት በሰማንያ ቀን ሲጠመቁ የሚሰጠው ስም ለቁርባን፣ ለጸሎትና ለክታብ ነው። በብራናው ላይ የሚጻፈው እሱ ስለሆነ መልካም የማያስብ ሰው እጅ መግባት የለበትም። ከዚህ የተነሣ ሠላሳ ዓመት አብሮ ቡና የጠጣ ጎረቤት የሰውየው ስም ወልደ ሥላሴ መሆኑን የሚሰማው በፍትሐቱ ቀን ነው። ያን ጊዜ «ለካ እንዲህ ነበር ስሙ!» ይባላል፤ ማረሚያው ጊዜ ግን አልፏል።

ሞትን ማታለልም የጋራ ነው። ቤንጋል ውስጥ ልጅ የሚሞትበት ቤት አዲሱን ቲንኮሪ ይለዋል፤ በሦስት ዛጎል የተገዛ ማለት ነው። እንዲህ በርካሽ የተገኘን ልጅ ሞት ምን ብሎ ይመኘዋል? በእኛም አገር ቡዳ እንዳያየው ልጁን በማያምር ስም መጥራት ነበር፤ ዛሬ እነዚያ ስሞች ባለቤቶቻቸው ትምህርት ቤት ሲገቡ ቀስ ብለው ጠፍተዋል።

ስለዚህ የአዘዞው አባት አናንድን ይዞ ሲመጣ አዲስ ነገር ያመጣ መስሎት ከሆነ በብዙ መቶ ዓመት ዘግይቷል። አንድ የሳንስክሪት ስም የጎንደር ግንቦች ሳይሠሩ ግዕዝ ተምሮ፣ ምንኩስና ተቀብሎ አገራችን ገብቷል። በ1553 እ.ኤ.አ.፣ በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን፣ የደብረ ሊባኖሱ እጨጌ ዕንባቆም ከዐረብኛ በረላምና ይዋስፍ የተባለውን መጽሐፍ ተረጎሙ። እጨጌው ራሳቸው ከዐረብ አገር መጥተው የተጠመቁና ስማቸውን የለወጡ ሰው ነበሩ። መጽሐፉ ስለ አንድ የህንድ ልዑል ይተርካል። ኮከብ ቆጣሪዎች ልጁ ዓለምን ንቆ ክርስቲያን እንደሚሆን ለአባቱ ይነግሩታል። ንጉሡም በሽታ፣ እርጅናና ሞት የማይታዩበት ቤተ መንግሥት ሠርቶ ልጁን ይዘጋበታል። ልጁ አንድ ቀን ሲወጣ በሽተኛና ሽማግሌ ያይና ሰላሙን ያጣል። ከዚያ በረላም የተባለ መነኩሴ ነጋዴ መስሎ ይደርስለታል።

ይህ ታሪክ ለህንድ ልጆች እንግዳ አይደለም፤ የቡድሃ የልጅነት ታሪክ ነው። ይዋስፍ የተባለው የልዑሉ ስምም ቦዲሳትቫ ከሚለው የሳንስክሪት መጠሪያ የመጣ ነው፤ ወደ መንቃት የሚጓዝ ፍጡር እንደ ማለት ነው። ቃሉ በፋርስ በኩል ዐረብኛ ሲደርስ ቡዳሳፍ ሆነ። ዐረብኛ ላይ ባ ከሥሯ አንድ ነጥብ፣ ያ ሁለት ነጥብ ናት። የአንድ ገልባጭ ብዕር አንዲት ነጥብ አትርፋ ጣለችና ቡዳሳፍ ዩዳሳፍ ተባለ። ጆርጂያዎችና ግሪኮች እንዲሁ ተቀበሉት፤ ሮማና ቁስጥንጥንያም የህንዱን ልዑል ከቅዱሳኖቻቸው ተራ ጽፈው በዓሉን አከበሩ። ዛሬ በመታወቂያ ላይ አንድ ፊደል ስለተሳሳተበት ከቢሮ ቢሮ የሚንከራተት ጎንደሬ ይህን ሲሰማ ሊጽናና ይገባል። አንድ ነጥብ ቡድሃን መነኩሴ አድርጋዋለች።

በእኛ አገር ልጁን ኢዮሳፍጥ የሚል አለ። እሱ የይሁዳው ንጉሥ ስም ነውና ዕብራይስጥ ነው። ፈረንጆች ግን የህንዱን ልዑል ስም ከይሁዳው ንጉሥ ጋር አቀላቅለው ሁለቱንም በአንድ ስም ጠርተዋቸዋል። ግዕዙ ይዋስፍና ኢዮሳፍጥ ብሎ ለይቶ ማስቀመጡ ለደብተራዎቻችን ጥንቃቄ ምስክር ነው።

ከስሙ በኋላ ሰዎቹ መጡ። በ1648 እ.ኤ.አ. ከየመን ተልኮ ጎንደር የደረሰው አልሐይሚ የዐፄ ፋሲልን ቤተ መንግሥት አይቶ ተደንቆ፣ ግንበኛው ህንዳዊ መሆኑን ጽፏል። ግንቡ ግን ዛሬም በአሠሪው እንጂ በሠሪው ስም አይጠራም፤ ልማዱን የግል ቤት ያሠራ ሁሉ ያውቀዋል።

በተቃራኒው መንገድ የሄደም አለ። ዐፄ ቴዎድሮስ ከደጃዝማች ውቤ ልጅ ከእቴጌ ጥሩወርቅ የወለዱትን ልጅ ዓለማየሁ አሉት። መቅደላ በሚያዝያ 1860 ዓ.ም. ስትወድቅ ልጁ ገና ሰባት ዓመት ሊሞላው የተቃረበ ሕፃን ነበር። እንግሊዞች ወሰዱት። ጠባቂው ካፒቴን ስፒዲ ቀድሞ በቴዎድሮስ ዘንድ ያገለገለ፣ ባሻ ፈለቀ የሚል ያበሻ ስም የነበረው ረጅም ሰው ነው። ስፒዲ ህንድ ሲሾም ልጁን ይዞት ሄደ፤ ከዚያም ወደ ፔናንግ። ዓለማየሁ ስሙ የነገረውን ሁሉ ሳይፈልግ ፈጸመ፤ ንግሥት ቪክቶሪያን አየ፣ ህንድን አየ፣ የእንግሊዝ ወታደራዊ ትምህርት ቤትን አየ። በ1879 እ.ኤ.አ. በ18 ዓመቱ ሊድስ ላይ ዐረፈና ዊንዘር ተቀበረ። ስም ልጁን ይጠራዋል ለሚል ሰው ይህን ያህል የሚያስረዳ ምሳሌ ማግኘት ይከብዳል፤ አያቱ ግን ምናልባት «ጎንደርን አየሁ» ቢባል ይበቃው ነበር ትል ነበር።

ከዚያ በኋላ ህንዶች ወደ ጎንደር የመጡት ጠመኔ ይዘው ነው። ከዐፄ ኃይለ ሥላሴ ዘመን ጀምሮ በየጠቅላይ ግዛቱ ትምህርት ቤት ሒሳብና ሳይንስ ያስተማሩ፣ በኋላም ዩኒቨርሲቲዎቻችን ውስጥ የገቡ ህንዶች ብዙ ናቸው። ከኬራላ የመጡት ብዙዎቹ ክርስቲያኖች ነበሩና፣ ከሩቅ አገር ሰው እንግዳ ስም የጠበቀ ተማሪ ቶማስና ማቴዎስን አግኝቶ ግራ ተጋባ። ከስሙ ፊት የተደረደሩት ፊደላት ሌላ እንቆቅልሽ ነበሩ። በደቡብ ህንድ ብዙ ሰው እንደ እኛ የቤተሰብ ስም የለውም፤ የአባቱን ስም ወደ አንድ ፊደል አሳጥሮ ከፊቱ ያቆመዋል። አባቱን ሙሉውን ከኋላው የሚያስከትል የዳባት ልጅ «አባት በአንድ ፊደል ያልቃል እንዴ?» ቢል አይፈረድበትም።

ከሂንዱ ቤት የመጡት ደግሞ የሳንስክሪቱን ስም ይዘው መጡ። ስለዚህ አናንድ የሚባል መምህር ደስታ የሚባል ተማሪ ፊት ሊቆም ይችላል፤ ሁለቱም አንድ ስም እንደያዙ ሳያውቁ። ደስታ በእንዲህ ያለ ጠዋት አምስት ደቂቃ ዘግይቶ ከገባ፣ ደስታ ራሱ ደስታን ከክፍል ያስወጣዋል፤ ነገ አባቱን ይዞ እንዲመጣም ያዘዋል።