ሮቢ ማዶ

ደብረ ሲና ያደገ ሰው ዝናብን የሚያውቀው ከላይ ሆኖ ነው። ጉሙ ከጣርማበር ገደል እየተንከባለለ መጥቶ ከተማውን ያለብሰዋል፣ ኮሎ ሻጮቹ ሰፌዳቸውን በላስቲክ ይጋርዳሉ፣ ቆርቆሮው ሲደበደብ ያመሻል፣ ከዚያ ያባራል። ውኃው ወዴት ሄደ ብሎ የሚጠይቅ የለም። እኔም የጠየቅኩት አክስቴ ሸዋ ሮቢት ወርዳ፣ ከሮቢ ወንዝ ማዶ ከተዳረች በኋላ ነው።

ደብረ ሲና 2,700 ሜትር ግድም ከፍታ ላይ ናት፤ ሸዋ ሮቢት ከ1,300 ሜትር እምብዛም አትዘልም። መኪና በጠመዝማዛው የደሴ መንገድ 35 ኪሎ ሜትር ያህል የሚወርደውን ውኃው በገደል በገደሉ ይወርደዋል። የሚያመጣውም ውኃ ብቻ አይደለም። በመስከረም 1998 ከደብረ ሲና በታች ይዛባ ወይን ላይ መሬቱ ራሱ ተንሸራቶ ቤትና ማሳ ይዞ ሲወርድ፣ ሺዎች ተፈናቅለዋል። ያ ተራራ በየክረምቱ ጥቂት ጥቂት እያለ ወደ ይፋት ቆላ ይሄዳል። ሮቢ በነሐሴ ቡና የሚመስለው ለዚህ ነው።

ማዶ ያለችው ሰፈር ከተማም ገጠርም ናት። ቤቶቹ ቆርቆሮ ናቸው፣ አንዳንዱ ላይ ዲሽ ተተክሏል፤ ግቢው ግን ማንጎና ፓፓያ፣ ከጓሮው የሽንኩርት መደብ፣ ከዚያ ወዲያ ማሽላና ማሾ ነው። ልጆቹ የሚማሩት ከተማ ነው። ጎረምሶቹ በትምባሆው እርሻና በከተማው ግንባታ ላይ በቀን ሥራ ይውላሉ። ከተማው ጠዋት የሚበላው ፓፓያና ለወጥ የሚከትፈው ሽንኩርት ደግሞ በሴቶች ጀርባ ከማዶ ይመጣል። በበጋ ሮቢ ጠጠርና አሸዋ ሆኖ ፍየል ይተኛበታል፤ ያኔ ማዶ ማለት አንድ ቡና እስኪፈላ ደርሶ መመለስ ነው።

ፍልሰታ ላይ አክስቴ የደም ግፊት መድኃኒቷ እንዳለቀ ልጇ ደወለልኝ። ደብረ ሲና ያለው መድኃኒት ቤት አልነበረውም፤ ሚኒባስ ይዤ ወረድኩ። ሸዋ ሮቢት ላይም ከአንዱ መድኃኒት ቤት ወደ ሌላው ስዞር ዋልኩና፣ ባጃጅ ወንዙ ዳር ያደረሰኝ ከዘጠኝ ሰዓት በኋላ ነው። ፀሐዩ አናት ይበሳል። ወንዙ ከጉልበት በታች ነው፤ ሴቶች ቀሚሳቸውን ሰብስበው ይሻገራሉ። ጫማዬን አውልቄ አንድ እግሬን እንዳስገባሁ አንድ ሽማግሌ በበትራቸው ደረቴን ገታ አደረጉኝ።

«ቆይ ልጄ! አይሸትህም?»

ሸተተኝ። በዚያ ድርቅ ባለ አየር ውስጥ እርጥብ አፈርና የተቀጠፈ ቅጠል ይሸታል። ቀና ብዬ ወደ ጣርማበር ሳይ ተራራው ጠቁሯል። ሽማግሌው መሐል የደረሱትን ሴቶች «ውጡ! ውጡ!» እያሉ ጮኹ። ማዶ ያሉት ከብቶች ማንም ሳይነዳቸው ከወንዙ ወጡ። ከዚያ ድምፁ መጣ። መጀመሪያ ደረቅ ጭራሮና አረፋ፣ ከኋላው ቡናማው ውኃ፣ ከነሥሩ የተነቀለ ግራር፣ አንድ ቢጫ ጀሪካን። ከሥር ድንጋይ ከድንጋይ ሲጋጭ የቆምንበት መሬት ይርገበገብ ነበር። ቆላ ላይ ጠብ ያለ ነገር የለም። ጥላዬ አሁንም እንደ ደመቀ ነው።

ባጃጁን አስመልሼ በዋናው መንገድ ድልድይ ልዞር ሞከርኩ። መኪናው መንገድ ድልድይ አለው፤ ከድልድዩ ወዲያ ወደ ሰፈሯ የሚወስደው የእግር መንገድ ግን በቦረቦር የተቆራረጠ ነው። ባለ ባጃጁ ጭቃውን አይቶ «ወንድማለም፣ ከዚህ ወዲያ አልችልም» አለኝ። በእግሬ ቀጠልኩ። የመጀመሪያውን ቦረቦር በሰው እጅ ተሻገርኩ፤ ሁለተኛው እስከ አፉ ሞልቷል። እየመሸ ስለነበር ወደ ወንዙ ዳር ተመለስኩ።

የአክስቴ ልጅ ማዶ ቆሟል፤ እናያያለን፣ በስልክ እናወራለን፤ መድኃኒቱ ግን ኪሴ ውስጥ ነው። አሳቡን ያመጣው ከወዲህ በኩል ያለ የማሽላ ጠባቂ ልጅ ነው። ወፍ የሚያባርርበት ወንጭፍ ትከሻው ላይ ነበር። በባዶ ድንጋይ ሞከረ፤ ማዶ ማሳው ውስጥ ገባ። አንዱን እሽግ በፌስታል ጠቅልለን ከድንጋይ ጋር በክር አሰርነው። ወንጭፉን ሲያሽከረክር ሁላችንም ዝም አልን። ፌስታሉ አየር ላይ ተፈታ፤ እሽጉ ወንዙ ውስጥ ገባ። ልጁ ሊያለቅስ ደረሰ። ሽማግሌው ከነጠላቸው ጫፍ ክር መዘው፣ ሁለተኛውን እሽግ ራሳቸው አሰሩት። «አሁን በርታ» አሉት። ማዶ ማሽላው ውስጥ በስልክ መብራት ሲፈልጉ ቆዩና «ተገኘ!» የሚል ጩኸት ስሰማ ጉልበቴ ከዳኝ። ቀሪውን ይዤ ከተማ አደርኩ።

በማግስቱ ረፋድ ላይ ውኃው ቀለል አለ፤ አሻጋሪዎቹ ልጆች ግራና ቀኝ ይዘው አሻገሩኝ። አክስቴ ከመድኃኒቱ በፊት ያነሣችው የሽንኩርቱን ነገር ነው፤ ዳር ላይ ያደረው ጆንያ ከሥሩ ረጥቦ፣ ነጋዴው በግማሽ ዋጋ ጠይቋቸዋል። ልጆቹ ክረምት ስለሆነ ትምህርት አልቀረባቸውም፤ በበልግ ሲሞላ ግን ይቀርባቸዋል። ምጥ የያዛት ሴት በቃሬዛ እዚህ ድረስ መጥታ የከተማውን መብራት እያየች ውኃው እስኪጎድል ስትጠብቅ ምን ማለት እንደሆነ አክስቴ ስታወራ፣ ቤቱ ውስጥ ያሉት ሴቶች ሁሉ ራሳቸውን ነቀነቁ። እኔን ይህ ያንገበግበኛል፤ የሚያስፈልጋቸው አንድ ድልድይ ነው።

ባሕር ዳር ላይ በ2016 ግንቦት የተመረቀው አዲሱ የዓባይ ድልድይ 380 ሜትር ነው፤ ለዚያ ከተማ ይገባዋል። ለሮቢ ማዶ ሰው ግን ያን የሚያህል አያስፈልገውም። ለእኔ የሚቀርበኝ ምሳሌ ጎጃምንና ጎንደርን የሚያገናኘው ሰባራ ድልድይ ነው። መካከሉ በጣሊያን ወረራ ጊዜ ከፈረሰ በኋላ፣ ሰው በገመድ ታስሮ ከወዲያና ከወዲህ በሚጎትቱት ጉልበት ሲሻገር ኖረ። ይህን በፎቶ ያየ አንድ አሜሪካዊ ሥራ ተቋራጭ መጥቶ በ1994 ክፍተቱን በብረት አስጠገነው። ጎርፍ ወሰደው። ከዚያ በኬብል የተንጠለጠለ የእግረኛ ድልድይ ከውኃው ከፍ ብሎ ተሠራ። ያ የመጀመሪያው ጥገና ብሪጅስ ቱ ፕሮስፐሪቲ የሚባለው ድርጅት መነሻ ሆነ፤ ድርጅቱም በሌሎች አገሮች ጭምር እንዲህ ያሉ የእግረኛ ድልድዮች ሠርቷል። መኪና አያሳልፉም፤ ሰውና የተጫነ አህያ ግን ያሳልፋሉ።

ሽማግሌውን ስመለስ እዚያው ዳር አገኘኋቸው። ስለ ሰባራ ድልድይ ነገርኳቸው። እጄን ይዘው ትንሽ ወደ ላይ ወሰዱኝና ወንዙ ጠበብ የሚልበትን፣ ከወዲያም ከወዲህም ጥቁር ድንጋይ የሆነውን ቦታ አሳዩኝ። ጎርፉ የደረሰበት ምልክት ከድንጋዩ አናት በታች ነው። «ድንጋይ እንሰበስባለን፣ አሸዋው ይኸው፣ ጉልበት አለን» አሉ። «ኬብሉን ነው የማንችለው።»