«ርካሹን ግዢ» ላሉኝ

«ሦስት ፕሮፎርማ አምጪ፤ ትንሹን መርጠን እንፈርማለን፤ አለቀ!» አሉኝ ጋሼ።

«አላለቀም ጋሼ። ዋጋው ያነሰው ቀሪውን ሌላ ሰው ከፍሎልን ቢሆንስ?» አልኳቸው።

ዋሽንግተን ስቴት፣ ሊንውድ፣ ሃይዌይ 99 አጠገብ በተከራየነው አዳራሽ የእድራችን የግዥ ኮሚቴ ተቀምጧል። ለእንቁጣጣሽ በዓል የሚገዛው ነገር ዝርዝር ጠረጴዛው ላይ ተዘርግቷል፤ ቲሸርት፣ ቡና፣ ሳህንና ኩባያ፣ እንጀራ፣ የሻይ ማፍያ። ጋሼ አዲስ አበባ መሥሪያ ቤት ውስጥ ዕድሜያቸውን በግዥ ክፍል የፈጁ ሰው ናቸው። ሦስቱን ፕሮፎርማ አልንቅባቸውም። ደንቡ የመጣው ዘመድ ከዘመዱ እንዳይገዛ፣ ፖስታ በጠረጴዛ ሥር እንዳይሄድ ነው፤ በእሱ የተረፈ የሕዝብ ገንዘብ አለ። ጠቤ ከሦስቱ ወረቀት ጋር ሳይሆን በወረቀቱ ላይ ከሚታየው አንድ ቁጥር ጋር ነው።

«ደግሞ ምን አንብበሽ መጣሽ?» አለኝ ገንዘብ ያዡ።

«አይኤስኦ 20400።»

«እሱ የእነ ቦይንግ ነው፤ እድር ምን አገባው?»

«እድር መዝገብ አለው፣ ሊቀመንበር አለው፣ ካዝና አለው፣ ይገዛል። ድርጅት ለመባል ምን ጎደለው? መመሪያው የመንግሥትም ሆነ የግል፣ ትልቅም ሆነ ትንሽ፣ ለሚገዛ ድርጅት ሁሉ ነው የተጻፈው።»

ነገሩ እንዲህ ነው (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጠራው)። በ2010 ዓለም አቀፉ የደረጃዎች ድርጅት (አይኤስኦ) 26000 የሚባል የማኅበራዊ ኃላፊነት መመሪያ አወጣ። የሰብዓዊ መብትን፣ የሠራተኛን አያያዝ፣ አካባቢን፣ የንግድ ሐቀኝነትን፣ የሸማቹንና የአካባቢውን ሕዝብ ጉዳይ በአንድ ላይ ያየ ነበር። በ2017 ደግሞ ያንኑ ሐሳብ ወደ ገዢው ጠረጴዛ ያወረደው 20400 ወጣ። የሚለው ሲጠቀለል፣ ስትገዛ ዕቃውን ብቻ አትገዛም፣ ዕቃው የተሠራበትን መንገድና ከተጠቀምክበት በኋላ የሚወድቅበትንም አብረህ ትገዛለህ ነው።

ገንዘብ ያዡ ስልኩን አወጣ። «እንግዲያስ ተገላገልን፤ የ20400 ሰርተፊኬት አለኝ የሚል ቲሸርት ሻጭ አግኝቻለሁ።»

«ከእሱ አትግዛ።»

«ለምን?»

«20400 መመሪያ ነው፤ ሊሠሩበት እንጂ ሰርተፊኬት ሊያወጡበት አልተጻፈም። መርማሪ መጥቶ አይቶ ሰርተፊኬት የሚሰጥበት እንደ 9001፣ እንደ ጥራት አመራሩ ደረጃ፣ ያለው ነው። ሁለቱን የሚያምታታ ሻጭ ስለ ሠራተኞቹ የሚነግረኝን እንዴት ልመን?»

እዚህ ላይ ቲሸርቱ ዋና ነገር ሆነ፤ እኔም የምፈልገው ይኼንኑ ነበር።

ጋሼ ሦስተኛዋን ፕሮፎርማ በጣታቸው መቱ። «ይቺ ከሁሉ ታንሳለች። ስፌቱም ያገር ቤት ነው፣ ሐዋሳ! ለወገን ገንዘብ ከመላክ በምን ይለያል?»

«ከወገን እጅ መድረሱን ካረጋገጥን በምንም አይለይም ጋሼ። ካላረጋገጥን ግን በጣም ይለያል።»

የሐዋሳ ኢንዱስትሪ ፓርክ በ2016 ሲመረቅ ደስ ካላቸው ሰዎች አንዷ ነኝ። ዛሬም ያ ደስታ ስህተት ነበር አልልም። ግን በ2019 የኒውዮርክ ዩኒቨርሲቲው ስተርን ማዕከል ያወጣውን ጥናት ያነበበ ሰው ቁጥሩን ሊረሳው አይችልም። የፓርኩ ልብስ ሰፊ መነሻ ደመወዝ በወር 26 ዶላር ነበር፤ በልብስ አምራች አገሮች ሁሉ ዝቅተኛው። በዚያው ዓመት በዋሽንግተን ስቴት ትንሹ የሰዓት ክፍያ 12 ዶላር ነበር። ልጅቷ ወር ሙሉ ሠርታ የምታገኘውን እኛ እዚህ በሁለት ሰዓት ከሩብ እናገኘው ነበር። በኢትዮጵያ ለግል ዘርፍ ሠራተኛ የተደነገገ የደመወዝ ወለል ስላልነበረ ያንን ቁጥር መክፈል ሕግ መጣስ አልነበረም። ሕግ ዝም ባለበት ቦታ ገዢ ካልጠየቀ ማን ይጠይቃል?

ሌላዋ የኮሚቴው አባል እትዬ ከወንበራቸው ተነሱ። ሲቆጡ ይነሳሉ። «ታዲያ ያገራችንን ልብስ አንግዛ ነው የምትይን? ልጆቹ ሥራ ፈትተው ይቀመጡ?»

«በጭራሽ እትዬ! ገዢ ሲሸሽ ያየነው ነው። በ2022 መጀመሪያ አሜሪካ ኢትዮጵያን አጎዋ ከሚባለው ከቀረጥ ነፃ ንግድ ዕድል ስታስወጣ፣ ከዚያ ቀደም ብሎም ትልቁ የልብስ ኩባንያ ፒቪኤች የሐዋሳ ፋብሪካውን ሲዘጋ፣ የልጅቷ ደመወዝ አልተስተካከለም፤ ጭራሽ ቀረ። አይጥ በበላ ዳዋ ተመታ የሚባለው ይኼ ነው። መመሪያውም ችግር ስታዩ ሽሹ አይልም። ጠይቁ፣ ከአቅራቢው ጋር ተነጋገሩ፣ ባላችሁ አቅም ግፉት ነው የሚለው።»

«በመቶ ቲሸርት ምን አቅም አለን?»

«በመቶ ቲሸርት የመቶ ቲሸርት አቅም አለን። እኛ ስንጠይቅ፣ የቤተ ክርስቲያኑ ማኅበር ሲጠይቅ፣ የኳስ ቡድኑ ሲጠይቅ ያው ሻጭ ነው የሚመልሰው። ካለመናገር ደጃዝማችነት ይቀራል ትሉን የለ?»

እትዬ ቁጭ አሉ። እኔ ግን አልጨረስኩም፤ የቀረኝ ከሁሉ የሚያመኝ ነበር።

«በዓሉ መቼ ነው?» ብዬ ጠየቅሁ።

«መስከረም አንድ ነዋ!» አሉ ሁሉም በአንድ ድምፅ።

«አምና መቼ ነበር?»

ማንም አልመለሰልኝም። መስከረም አንድ መሆኑን ከልጅነታችን ጀምሮ እናውቃለን፤ ቲሸርቱን ግን በየዓመቱ ሁለት ሳምንት ሲቀር ነው የምናዝዘው። የዘገየ ትዕዛዝ የሆነ ቦታ ላይ በሰው ሌሊት ይካካሳል። ሻጩ እሺ ይለናል፣ አታሚው ተጨማሪ ሰዓት ያሠራል፣ ሂሳቡን ደግሞ ከበዓሉ በኋላ መዋጮ ሲሰበሰብ እንከፍላለን። 20400ን ሳነብ የደነገጥኩት እዚህ ላይ ነው። ሻጩን ብቻ መርምሩ ብሎ አይተውም፤ የገዢው አሠራርም ጉዳት እንደሚያደርስ አስቡ ይላል። በ2013 ባንግላዴሽ ውስጥ የልብስ ፋብሪካዎች የነበሩበት ራና ፕላዛ የሚባል ሕንፃ ተደርምሶ ከ1,100 በላይ ሰው ሲያልቅ፣ አንድ ቀን ቀደም ብሎ ግድግዳው መሰንጠቁ ታይቶ ነበር። ሠራተኞቹ በማግስቱ ግቡ ተባሉ። ትዕዛዝ የሚጠብቅ ገዢ ባይኖር ያን ያህል ባልተቸኮለ ነበር ብዬ አምናለሁ።

ከዚያ ወዲያ ቲሸርቱ በሰኔ እንዲታዘዝና ግማሽ ሂሳብ በቅድሚያ እንዲከፈል ተስማማን።

ሳህኑ ጊዜ አልወሰደብንም። «ፎሙ ርካሽ ነው» አለ ገንዘብ ያዡ። «ከጁን 2024 ጀምሮ በዚህ ስቴት የፎም ሳህንና ኩባያ መሸጥም ማከፋፈልም በሕግ ቀርቷል» አልኩት። ሸክላ ገዝተን ማጠብ ነው።

ሻይ ማፍያውንም ጋሼ ራሳቸው ፈረዱበት። በሁለት ዓመት ሦስት ርካሽ ማፍያ ገዝተናል፤ ሦስቱም ተቃጥለው መጋዘን ተቀምጠዋል። «የሦስቱ ዋጋ ቢደመር?» አልኳቸው። ደመሩት፤ መጀመሪያ ውድ ነው ብለን የተውነውን ጠንካራውን ገዝቶ ይተርፍ ነበር። የሚበላውን መብራትና ሲያልቅ የመጣያውን ወጪ ጭምር ከመጀመሪያው ማስላት ነው መመሪያው የዕድሜ ዘመን ወጪ የሚለው።

እንጀራው ግን አከራከረን፤ እዚህ ላይ ማንም ሙሉ በሙሉ አልተሳሳተም። «ከአዲስ አበባ በአውሮፕላን የመጣውን እንግዛ፤ የጋገሩት ያገሬ ሴቶች ናቸው» አሉ እትዬ። እውነት አላቸው። በሌላ በኩል እንጀራ አብዛኛው ውኃ ነው፤ ውኃ በአውሮፕላን ማመላለስ ለአየሩም ለኪሳችንም ይከብዳል። ጤፉ እዚሁ ጎረቤት አይዳሆ ይበቅላል፤ የሚጋግሩ እናቶችም ሊንውድ ውስጥ አሉን። መመሪያው ለዚህ መልስ አይሰጥም፤ ለእናንተ የትኛው ጉዳይ እንደሚቀድም መዝናችሁ ወስኑ ነው የሚለው። እኔ ለሰፈራችን ጋጋሪ ድምፄን ሰጠሁ። እትዬ አልሰጡም።

ቡናው ላይ ስንደርስ ግን እትዬን መታገሥ አልቻልኩም።

«ቡናማ ቡና ነው፣ ከሱፐርማርኬት አንሺ» አሉኝ።

«እትዬ፣ እርስዎ ይሄንን ይላሉ? አገር የተሟገተበትን ስም?»

በ2005 የኢትዮጵያ የአእምሯዊ ንብረት ጽሕፈት ቤት፣ በጌታቸው መንግሥቴ መሪነት፣ ይርጋጨፌን፣ ሐረርን፣ ሲዳሞን አሜሪካ ውስጥ በንግድ ምልክትነት ለማስመዝገብ ማመልከቻ አስገባ። የአሜሪካ የቡና ነጋዴዎች ማኅበር ተቃወመ። ስታርባክስ፣ የዚችው የሲያትል ኩባንያ፣ የንግድ ምልክት ሳይሆን ቡናው የበቀለበትን ቦታ የሚያረጋግጥ ሌላ መንገድ ይሻላል አለ። በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ ቡና ጠጪዎች ኦክስፋም በተባለው የበጎ አድራጎት ድርጅት ዘመቻ ለኩባንያው ጻፉ። በ2007 ስምምነት ተፈረመ፤ ኩባንያው ስሞቹ የኢትዮጵያ መሆናቸውን ተቀበለ። ያ ስምምነት ገበሬውን አላበለጸገውም፤ ያንን ማጋነን አልፈልግም። ግን የጻፉት ሰዎች ሚኒስትሮች አልነበሩም። ኩባያ ይዘው የሚሰለፉ ሰዎች ነበሩ። ሊንውድ ተቀምጠን፣ ባቡሩ በኦገስት 2024 እዚህ ከደረሰ ወዲህ ደግሞ ሲያትል መሐል ለመድረስ መኪና እንኳ ሳያስፈልገን፣ ቡና ቆዪዎቹን ሄደን ባንጠይቅ ማን ሊጠይቅልን ነው?

«ምን ብዬ ልጠይቅ?» አሉ እትዬ፤ ድምፃቸው ለስልሷል።

«ከየትኛው ኅብረት ሥራ ማኅበር ገዛችሁት? ለገበሬው ስንት ደረሰው? ይበሉ።»

«በአማርኛ ነው በእንግሊዝኛ?»

«እኔ አብሬዎት እሄዳለሁ።»

ጋሼ ይህን ሁሉ ሲሰሙ በማስመሪያቸው የፕሮፎርማ ማወዳደሪያ ቅጽ ሲያዘጋጁ ነበር። ዕቃ፣ ብዛት፣ የአንዱ ዋጋ፣ ጠቅላላ ዋጋ፤ የለመዱት አራት ዓምድ ነው። ከመጨረሻው ዓምድ ጎን ሌላ አንድ መስመር አወረዱ።

«ይሄኛውን ምን ብለን እንሰይመው?» አሉኝ።

«እርስዎ ይሰይሙት።»

እስክሪብቶውን ጥቂት ያዙና በዚያ በመሥሪያ ቤት እጅ ጽሑፋቸው «ማን ሠራው?» ብለው ጻፉበት። የሦስቱም ቲሸርት ሻጮች ረድፍ እዚያ ዓምድ ላይ ባዶ ነው። ሰኞ ጠዋት መጀመሪያ የምደውለው ሐዋሳ ለሚያሰፋው ነው።