ዓሣው ቡሪ፣ ጣጣው ሙጊል

እኔ እዚህ እስራኤል ናታንያ ገበያ የምወርደው ለሰንበት ዓሣ ልገዛ እንጂ ላቲን ልማር አይደለም። የልጅ ልጄ ዩኒቨርሲቲ ገብታ የባሕር ፍጥረት ማጥናት ከጀመረች ወዲህ ግን እኛ ቤት ዓሣ በሰላም ተበልቶ አያውቅም። ድሮ ማዕድ ላይ "ጨው አንሶታል" ይባል ነበር። አሁን "አባባ፣ እሱ እኮ ሙጊል ሴፋሉስ ነው" ይባላል። ጨው ይነስ ይብዛ የሚጠይቅ ጠፋ። "እርስዎ" ማለት በዕብራይስጥ የለም እያለች አንተ እንደምትለኝ ደግሞ ለሌላ ቀን ይቆየኝ፤ ዛሬ የማማርረው ስለ ዓሣው ነው።

ቡሪን እዚህ አገር ያለን ሁላችን እናውቀዋለን። ጎንደርና አዲስ አበባ ላላችሁ ልንገራችሁ፤ ጀርባው ግራጫ፣ ጎኑ ብርማ፣ ራሱ ከላይ ጠፍጠፍ ያለ፣ ቅርፊቱ ትልልቅ የሆነ የባሕር ዓሣ ነው። ዓይኑን ብርሃን የሚያሳልፍ የስብ ሽፋን ጋርዶታል። ክንፍም ቅርፊትም ስላለው በሕጋችን የተፈቀደ ነው፤ ያንን ቅርፊት የለሽ አምባዛ እናቶቻችን ጣና ዳር ሆነው በድስታቸው አላስነኩም። ቡሪ የሚኖረው ጭቃና አሸዋ እየዛቀ፣ ከውስጡ የበሰበሰውንና ደቃቁን አልጌ እየለቀመ ነው። ለዚያም እንደ ዶሮ ሆድ አሸዋ ይዞ የሚፈጭ ወፍራም ጡንቻ ተሰጥቶታል። አንዳንዴ ከውሃው ተወንጭፎ ይዘላል። ለምን እንደሚዘል ሊቃውንቱ እስከ ዛሬ አልተስማሙም፤ እሱን ትተው ስሙን ይቀያይራሉ።

ስሙ እንኳ ሳይንስ ሳይጨመርበት ይበቃን ነበር። ሻጩ ቡሪ ይለዋል፤ ከዓረቦቹ የተወሰደ ነው፣ ግብፆችም እንደዚያው ይሉታል። የዕብራይስጥ ሊቃውንት "ኪፎን" ብለው መዝግበውታል። ገበያ ገብታችሁ "ኪፎን ስጠኝ" ብትሉ ግን ሻጩ ከመንግሥት የተላከ ተቆጣጣሪ መስላችሁት ሚዛኑን ያስተካክላል። ጎረቤቴ ከሩሲያ የመጣችው አሮጊት ደግሞ "ከፋል" ትለዋለች። ለእኔ ጆሮ ከፋ እንደ ማለት ስለሆነ፣ ገና ስሙን ስሰማ ዋጋው ይታየኛል።

ልጅቱ ታዲያ "ሳይንሳዊ ስም የተፈጠረው ለዚህ ነው፤ ዓለም ሁሉ በአንድ ስም እንዲግባባ" አለችኝ። ይህን የሠራው ሊኔየስ የሚባል ስዊድናዊ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1758 በታተመው መጽሐፉ ለእንስሳቱ ሁሉ ሁለት ሁለት ቃል ስም ሲያድል ቡሪንም ሙጊል ሴፋሉስ ብሎ ጻፈው። መልካም አልኩ። ትርጉሙንስ? ሙጊል ሮማውያን ይህን ዓሣ የሚጠሩበት ቃል ነው። ሴፋሉስ ደግሞ ግሪኮች ያንኑ ዓሣ የሚጠሩበት፣ "ራስ" ከሚለው ቃላቸው የወጣ ስም። እንግዲህ ተመልከቱ፦ ሰውዬው ሁለት አገር ዞሮ፣ ሁለት ቋንቋ ደክሞ፣ ያወጣው ስም "ቡሪ ቡሪ" ነው! እኔ ይህን በነጻ እነግረው ነበር።

ራሱ ትልቅ ነው ማለታቸው ግን ለክብሩ እንዳይመስላችሁ። ፕሊኒ የሚባለው የጥንት ሮማዊ፣ ይህ ዓሣ ሲደነግጥ ራሱን ብቻ ደብቆ ሙሉ አካሉ የተደበቀ ይመስለዋል እያለ ስቆበታል። ይህን ስሰማ ዓሣው አሳዘነኝ። እንደሱ የሚያደርጉ ሰዎች አውቃለሁ፤ ስማቸውን አልጠራም፣ በተለይ የሕንፃችን ኮሚቴ መዋጮ ሲጠይቅ።

አጠቃቀሙም የራሱ ሥርዓት አለው። የመጀመሪያው ቃል የወገኑ ስም ነው፣ ሁለተኛው የራሱ። እኛ ዘንድ ሰው መጀመሪያ በራሱ ስም ይጠራል፣ የአባቱ ስም ይከተላል፤ እነሱ ገልብጠውታል። የወገኑ ስም በትልቅ ፊደል ይጀምራል፤ የዓሣው የራሱ ስም በትንሽ። ትንሽና ትልቅ ፊደል እኛ አናውቅም፤ ፊደላችን ሀ ብሎ ሲጀምርም ፐ ብሎ ሲጨርስም ማዕርጉ አንድ ነው። ሁለቱም ቃል ተጋድመው ይጻፋሉ። ከአንድ ጊዜ በኋላ ሙጊል ይቀርና "ሙ." ብቻ ይሆናል፤ እንደ ባንክ ደብተር። ከኋላው ስም ያወጣው ሰውና ዓመቱ ይከተላል፦ ሊኔየስ፣ 1758። ቤተሰቡን በሙሉ ሲጠሩ ሙጊሊዴ ይላሉ፤ ከዚያ ሰፋ ሲል ሙጊሊፎርሜስ። አነባበቡም አልተጨረሰም። አንዱ የልጅቱ አስተማሪ ሴፋሉስ ይላል፣ ሌላው ከፋሉስ፣ ሦስተኛው ሙጊልን ሙጂል ያደርገዋል። የሞተ ቋንቋ ነው አትበሉኝ፤ የሞተ ቢሆን ይህን ያህል ባላጨቃጨቀ።

ከሁሉ የገረመኝ ቅንፉ ነው። የሰውዬው ስምና ዓመቱ በቅንፍ ከታሰሩ፣ ዓሣው መጀመሪያ ከተመዘገበበት ወገን ወጥቶ ወደ ሌላ ተዛውሯል ማለት ነው። ካልታሰሩ በመጀመሪያ ቤቱ አለ። ቡሪ ቅንፍ የለበትም። እኔ ግን አለብኝ። ከአውሮፕላን ስወርድ አባቴ ያወጡልኝን ስም ጸሐፊዋ መጻፍ አቅቷት ሌላ አጭር ስም ሰጠችኝ፣ አያቴን ደግሞ የቤተሰብ ስም አደረገችልኝ። እስከ ዛሬ ክሊኒክ ተቀምጬ ስሜ ሲጠራ ሌላ ሰው እስኪነሣ እጠብቃለሁ። የእኔን ቅንፍ ግን የትም አልጻፉትም፤ ለዓሣ ሲሆን ነው ሥርዓት የሚያውቁት።

የእንግሊዝኛውን ነገር ቶሎ ልለፈው፤ ያናድደኛል። እንግሊዞች ይህን ግራጫ ዓሣም፣ ቀዩን ባርቡንያንም "ሙሌት" ይሏቸዋል። ሁለቱ ዘመድ አይደሉም። ቀዩ ሙሉስ ባርባቱስ ነው፤ ባርባቱስ ጢማም ማለት ነው፣ አገጩ ሥር ሁለት ጢም አለው። ለጢም ክብር የሰጠ ሳይንቲስት በመገኘቱ ደስ ብሎኛል። የልጅቱ ታናሽ ወንድም "ሙሌት" ብሎ ስልኩ ላይ ቢፈልግ ደግሞ ከፊት የተከረከመ፣ ከኋላ የተንዠረገገ ፀጉር ያላቸው ጎረምሶች መጡለት። ዓሣውን ረስቶ ፀጉር አስተካካይ ቤት ሄደ። አሁን ያን ጭንቅላት ይዞ ምኩራብ ይገባል።

አንድ ቀን ግን ይህ ላቲን ጠቀመኝ፤ ሐቁን መደበቅ አልወድም። ከገዛኋቸው ዓሣዎች ሁለቱን ልጅቱ መክተፊያ ላይ አጋድማ ሆዳቸውን ቀደደች። "እይ አባባ" አለች። ከዚያ ከሚፈጨው ጡንቻ አጠገብ፣ አንጀቱ ሲጀምር፣ ጣት የሚመስሉ ትንንሽ ከረጢቶች ተጣብቀዋል። በአንዱ ዓሣ ሁለት ናቸው። "ይሄ ሙጊል ሴፋሉስ።" በሌላው በቢላዋ ጫፍ እየገለጠች ቆጠረች፤ ሰባት ሆኑ። "ይሄ ራማዳ ነው። ቡሪ አይደለም።" ግብፆች "ቶባር" የሚሉት፣ የቡሪ ዘመድ፣ ግን እንደሱ የማይገዝፍ። እኔ ለሁለቱም የከፈልኩት የቡሪ ዋጋ ነው!

በማግስቱ ገበያ ወረድኩና ሻጩን "ትናንት የሸጥክልኝ ቡሪ አይደለም፣ ራማዳ ነው" አልኩት። "አባ፣ ረመዳን አለፈ" ብሎኝ ወደ ሌላ ደንበኛ ዞረ። እውቀትም አጋር ካላገኘ ገበያ ላይ አይመነዘርም።

ዓሣ አርቢዎቹ ግን ልዩነቱን አጥብቀው ያውቁታል። ቡሪ እንቁላሉን የሚጥለው ባሕር ውስጥ ነው፤ ጫጩቶቹ ወደ ወንዝ አፍ ይጠጋሉ፣ እዚያ ተይዘው ወደ ኩሬ ይወሰዳሉ። በገሊላ ባሕርም አይራባም፤ ጨው የሌለው ሐይቅ ነው። እዚያ የምናገኘው ከ1958 ጀምሮ ጫጩት እያመጡ ስለሚለቁ ነው። የሙጊል ሴፋሉስ ጫጩት ቀደም ብሎ ዝናቡ ሲገባ ይመጣል፣ የራማዳው ዘግየት ብሎ በብርዱ። የመጀመሪያው ቶሎ ያድጋል፤ ያን ለይቶ ያልያዘ ሰው ዓመት ሙሉ ቀልቦ ትንሽ ዓሣ ያወጣል። በቡሪ እርባታ ዓለምን የሚመሩት ግብፆችም ይህን ያውቃሉ። እነሱ ደግሞ ቡሪን በጨው ከትተው አቆይተው "ፈሲኽ" ያደርጉትና ከፋሲካቸው ማግስት በሻም ኤል ነሲም ይበሉታል። ሽታው መንደር ያስለቅቃል ይላሉ። እኔ አልቀመስኩም፤ አልቀምስምም።

እንግዲህ ጠቃሚ ነው ብዬ፣ በዚህ ዕድሜዬ ራማዳን በሙሉ ስሙ ያዝኩት፦ ሊዛ ራማዳ። ጸሎት ይመስል ደጋገምኩት። ለሰንበት ማዕድ እንግዳ ፊት ስናገር ልጅቱ "አባባ፣ ሊዛ ቀርቷል፤ አሁን ኬሎን ራማዳ ነው" አላለችም? ከሊዛም በፊት የዚህ አገር ተመራማሪዎች ሙጊል ካፒቶ ይሉት ነበር አሉ። ሦስት ስም! ቀማኛ እንኳ ፖሊስ ሲፈልገው ይህን ያህል አይቀያይርም።

ምክንያቱን ጠየቅኩ። ሕጋቸው የቀደመ ስም ይበልጣል ይላል። ሊዛ የሚለውን ሁለት አሜሪካውያን በ1884 አወጡት፤ ኬሎን ግን በ1793 ታትሞ ነበር። የሁለቱ ወገን ዓሦች በዘር ምርመራ ተቀላቅለው ሲገኙ ሽማግሌው ስም ረታ። ሽማግሌ ሲረታ ደስ ይለኛል፣ ግን የኬሎን ባለቤት ማን መሰላችሁ? አርቴዲ፤ የሊኔየስ ጓደኛ፣ የዓሣ ጥናት አባት የሚሉት። በ1735 አምስተርዳም ላይ በሌሊት ቦይ ውስጥ ወድቆ ሰጥሞ ሞቷል። ዕድሜውን ለዓሣ የሰጠ ሰው ውሃ በላው፤ ስሙ ያለበት ቃል ከሞተ ከ58 ዓመት በኋላ ታተመ፤ ያ ቃል ደግሞ ዛሬ መጥቶ ናታንያ ድረስ የእኔን ሊዛ ነጠቀኝ።

ይባስ ብሎ ጾታም አለበት። ሊዛ በላቲን ሴት ናት፣ ኬሎን ወንድ። አንዲት ጉንጯ ላይ የወርቅ ምልክት ያላት ዘመዳቸው ሊዛ አውራታ ትባል ነበር፤ ወርቃማዋ ማለት ነው። ወገኗ ወንድ ሲሆን እሷም ኬሎን አውራቱስ ተባለች። ወርቅነሽ የነበረችው በአንድ ቀን ወርቁ ሆነች! ማን ጠየቃት? እንቁላሏን እየጣለች ወርቁ ተብላ ትኖራለች።

ከእኛው ቆሮሶ ጋር ልጽናና አልኩ። ጣና ላይ በልጅነቴ የበላሁት፣ እዚህም በኩሬ የሚረባው፣ እሱስ አይከዳኝም። እሱም ቲላፒያ ኒሎቲካ ነበር፤ ሳሮቴሮዶን ኒሎቲከስ ሆነ፤ አሁን ኦሪዮክሮሚስ ኒሎቲከስ ነው። የተለየው እንቁላሉን ማን በአፉ ይይዛል በሚል ነው፤ በቆሮሶ እናቲቱ ብቻ ናት የምትይዘው። ልጅ ማን እንዳሳደገ አይቶ የቤተሰብ ስም የሚቀይር መንግሥት አለ? ቢኖር ኖሮ ከሠፈራችን ወንዶች ስንቱ ስሙ ይቀር ነበር።

አሁን ደግሞ ራሱ ሙጊል ሴፋሉስ ተነካ። በ2012 የወጣ የዘር ጥናት፣ በዓለም ሙቅ ባሕሮች ሁሉ አንድ ነው የተባለው ዓሣ ከአሥር በላይ የተለያዩ ዘሮች ስብስብ እንደሆነ ገለጠ። ብዙዎቹ ሌላ ስም ሊሰጣቸው ነው። የሜዲትራንያኑ፣ ማለትም እኛ የምንበላው፣ ስሙን ይዞ ይቀራል ትላለች ልጅቱ። "ለጊዜው" ብላ ጨመረችበት። ለጊዜው! ስም እንደ ኪራይ ቤት ሆነ እንዴ? እሷም የመመረቂያ ጽሑፏን በዚሁ ልትሠራ አስባለች አሉ። ትሥራ። እኔ የምለምናት አንድ ነገር ብቻ ነው፤ አዲስ ስም ከተገኘ እኔ በልቼ እስክጨርስ አትንገረኝ። ጨዉንም ታስተካክል። ሴፋሉሱን ደግሞ ማንም እንዳይነካብኝ፤ ራስ የሚገባው ለሽማግሌ ነው።