የናሩቶ ሩጫ በጉራጌኛ ምት፦ ቡታጅራን የሚመለከት አጭር ጥናት

የጉራጌዋ ቡታጅራ ለተመራማሪ እንግዳ አይደለችም። የቡታጅራ የገጠር ጤና ፕሮግራም ከ1986 እ.ኤ.አ. አንስቶ በ9 የገጠርና በ1 የከተማ ቀበሌ ማን ተወለደ፣ ማን ሞተ፣ ማን አገር ለቀቀ እያለ ቤት ለቤት ሲመዘግብ ኖሯል። «ከቤተሰቡ ናሩቶ የተባለውን የጃፓን አኒሜ (የካርቱን ፊልም) የሚያይ አለ?» የሚለው ጥያቄ ግን እስካሁን ባለሙያ አላገኘም። ይህ ጥናት ክፍተቱን ይሞላል።

የጥናቱ ዳራ። ጃፓንን ማድነቅ ትናንት የመጣ አመል አይደለም። የ1923 ዓ.ም. ሕገ መንግሥታችን በአብዛኛው የተቀዳው ከጃፓኑ የሜይጂ ሕገ መንግሥት ነው። ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴም በ1924 ዓ.ም. ጃፓን ደርሰው ሲመለሱ «ማኅደረ ብርሃን ሀገረ ጃፓን» የተሰኘ መጽሐፍ አሳተሙ። የዘመኑ ምሁራን ከጃፓን ፋብሪካውን ለማምጣት ተመኝተው ሳይሆንላቸው ቀረ። የዛሬው ጎረምሳ ሩጫውን አምጥቷል።

የጥናቱ ዘዴ። መረጃው የተሰበሰበው በባጃጅ የኋላ ወንበርና በጁስ ቤት፣ የሰው ስልክ አሻግሮ በማየት ነው። የናሙናው ብዛት አልተገለጸም፤ ቁጥር የሚጠይቅ የሚጠራጠር ሰው ነው። በናሙናው ለመካተት ግን ናሩቶን ከነተከታዩ «ሺፑደን» 720ውን ክፍል መጨረስ ግድ ነው። ይህም ያለ እንቅልፍ ቢታይ ከ11 ቀን በላይ ይፈጃል። ፈተናውን ያለፈ ልጅ በሰፈሩ ሊቅ፣ በቤቱ ሥራ ፈት ይባላል።

ግኝት አንድ። አኒሜን ከዘፈን ጋር ማጋባት በ1982 እ.ኤ.አ. ጂም ካፖስታስ የተባለ አሜሪካዊ በሁለት የቪዲዮ ማጫወቻ የጀመረው ሥራ ነው ይባላል። ቡታጅራ ላይ ካፕከት የተባለው የቪዲዮ ማቀናበሪያ የተጫነበት፣ መስታወቱ የተሰነጠቀ አንድ ስልክ ይበቃል። አኒሜው ከጉራጌኛ ዘፈን ጋር ይገጣጠማል፤ ውጤቱ «ኤዲት» ይባላል፤ ቲክቶክ ላይ ይለቀቃል።

ግኝት ሁለት። ናሩቶ ሲሮጥ ደረቱን ወደፊት ደፍቶ ሁለት እጁን ወደ ኋላ ይጥላል። የጉራጌኛ ጨፋሪ ደግሞ ጉልበቱን እያነሳ እጁን ያፋጥናል፤ ከቆመበት ግን ብዙም አይርቅም። አንዱ እግር አለው፣ እጁ ሥራ ፈትቷል፤ ሌላው እጅ አለው፣ መንገድ አልጀመረም። ኤዲቱ የሁለቱን ጉድለት ያሟላል። ባለሙያው የናሩቶ ባላንጣ የሳሱኬ ቡጢ ከጉራጌኛው ጭብጨባ ጋር እኩል እስኪያርፍ ድረስ ምስሉን ይቆርጣል፣ ይቀጥላል። ግማሽ ሰከንድ ከዘገየ ኮሜንት ላይ አይማሩትም።

ግኝት ሦስት። የናሩቶ መምህር ጂራያ የሞተበት ክፍል በጉራጌኛ አይሠራም። ለእሱ ትዝታ አለ። ሕጉ የትም አልተጻፈም፤ ሁሉም ያውቀዋል።

የወላጆች አስተያየት። አንዲት እናት የልጃቸውን ስልክ ተቀብለው፣ እግራቸው ሳያስፈቅዳቸው ምቱን እየመታ፣ ባለ ቢጫ ፀጉሩን ናሩቶ ለረጅም ጊዜ ተመለከቱ። ከዚያም «ይሄን ከቻለበት የኛው ልጅ ነው፤ ፀጉሩን ግን ይስተካከል» ሲሉ ወሰኑ።

ማጠቃለያ። የቀድሞዎቹ ጃፓን አድናቂዎች የተጨነቁት ከጃፓን ምን እንውሰድ በሚለው ነበር። የቡታጅራ ወጣት ወስዶ ሲያበቃ ጭብጨባ ጨመረበት። ጃፓኖች ይህን ማወቅ አለማወቃቸውን ለማጣራት ተጨማሪ ጥናት ያስፈልጋል። በጀቱ በሞባይል ካርድ ቢላክ ይመረጣል።