የማባያው ጌትነት

በአሜሪካውያን የምስጋና ቀን ገበታ ላይ ከሁሉ የሚገዝፈው ተርኪ፣ ማለትም ዶሮን በብዙ እጥፍ የሚበልጠው ወፍ፣ ሲሆን ከሁሉ የሚያንሰው ደግሞ በትንሽ ሳሕን ጥጉን ይዞ የሚቀመጠው የክራንቤሪ ማባያ ነው፤ ስለዚህ የማዕዱን ሥርዓት በመጠን ብቻ የሚለካ ተመልካች የመጀመሪያውን ጌታ፣ ሁለተኛውን ሎሌ ብሎ ቢመዘግብ አይፈረድበትም። ይሁን እንጂ ነገሩን ጠጋ ብሎ ለመረመረ ሰው ሥልጣኑ ያለው በሌላ ወገን ነው። ተርኪው ከማለዳ ጀምሮ ምድጃ ውስጥ ተቀምጦ፣ ቅቤ ሲቀባና ሲገላበጥ ውሎ፣ በመጨረሻ የደረቀ ደረቱን ይዞ ይወጣል፤ ምድጃ አይቶ የማያውቀው ማባያ ግን በኮምጣጣነቱ ምራቅ እየጠራ ያንን ደረት ጉሮሮ የሚያሻግር እሱ ነው። ስቡን የሚቆርጥ፣ ጨውን የሚያለዝብ፣ ሁለተኛ ጉርሻ የሚያስመኝ ነገር በዚያ ገበታ ላይ ቢፈለግ ከእሱ ሌላ ብዙም አይገኝም።

ክራንቤሪ በሰሜን አሜሪካ በተፈጥሮ የሚበቅል፣ መሬት ለመሬት የሚሳብ ተክል ፍሬ ሲሆን፣ የሚመቸው ሌላው ተክል በሚሸሸው አሲዳማ ረግረግ፣ በአሸዋና በበሰበሰ የዕፅዋት ቅሪት ላይ ነው። ወደ እርሻ የገባበት ታሪክም ከጠባዩ አይርቅም። እ.ኤ.አ. በ1816 ገደማ ሄንሪ ሆል የተባለ ሰው፣ በማሳቹሴትስ ኬፕ ኮድ በሚባለው ባሕረ ገብ መሬት ላይ በምትገኘው ዴኒስ፣ ነፋስ አሸዋ ያለበሰው የዱር ክራንቤሪ ካልለበሰው ይልቅ አብዝቶ ማፍራቱን አስተዋለ፤ ሌላው ገበሬ አሸዋ መሬቴን በላው ብሎ አቤት በሚልበት ጉዳይ ይህ ሰው ራሱ አሸዋ እያለበሰ ማልማት ጀመረ። ዛሬ ከአገሪቱ ምርት ከግማሽ በላይ የሚሆነው የሚገኘው ከዊስኮንሲን ነው። ፍሬው ወገቡ ላይ በአግድም ሲቆረጥ አራት ባዶ ክፍሎች ይታያሉ፤ በእነዚህ ውስጥ የታጨቀው አየር ፍሬውን በውኃ ላይ ያንሳፍፈዋል፣ በደረቅ እንጨት ላይ ደግሞ ያነጥረዋል። ለጭማቂና ለፋብሪካ የሚውለው የሚሰበሰበው ማሳው በውኃ እንዲጥለቀለቅ ተደርጎ፣ ፍሬው ከሐረጉ ተራግፎ ሲንሳፈፍ ሲሆን፣ ጥሬውን ለገበያ የሚቀርበው ጥቂቱ ግን በደረቁ ይለቀማል። ይህም በቀድሞው ሥርዓት ከእንጨት በተሠራ መሰናክል ላይ እንዲወድቅ ይደረግና ነጥሮ የተሻገረው ያልፋል፣ መንጠር ያቃተው ይቀራል፤ የሰው ልጅ ለራሱ የሥራ ቅጥር ይህን የመሰለ ቀጥተኛ ፈተና እስከ ዛሬ አላወጣም።

የጥሬው ማባያ አሠራር ሦስት ነገር ብቻ ይፈልጋል። 12 አውንስ፣ ማለትም 340 ግራም ገደማ፣ የያዘ አንድ ከረጢት ክራንቤሪ ይታጠብና የለሰለሰው ተለቅሞ ይጣላል፤ አንድ ብርቱካን ከነልጣጩ ስምንት ቦታ ተቆርጦ ዘሩ ይወጣለታል፤ ሁለቱ ተከትፈው ከሦስት አራተኛ እስከ አንድ ኩባያ ስኳር ይጨመርባቸዋል። በቢላ እከትፋለሁ ብሎ የሚነሣ ሰው ግን ከላይ የተገለጹትን አራት የአየር ክፍሎች ማስታወስ ይገባዋል፤ ቢላው ገና ሲነካው ፍሬው ከመክተፊያው ዘሎ ወለል ለወለል ይንከባለልና ከማቀዝቀዣው ሥር ይገባል፣ የሚገኘውም ለፋሲካ ቤት ሲጸዳ ነው። በኤሌክትሪክ መፍጫ የሚሠራ እንደሆነም ቁልፉ እየተነካ ወዲያው መለቀቅ አለበት። በመጀመሪያ ፍሬዎቹ ከክዳኑ ጋር እየተጋጩ ይንጫጫሉ፤ ቀጥሎ ድምፁ ይወፍራል፤ ቅንጣቱ ሩዝ ሲያክል፣ የብርቱካኑ ልጣጭ ቢጫ ነጠብጣብ ሆኖ በቀዩ መካከል ሲታይ፣ እጅ መነሣት አለበት። ከዚያ በኋላ አንድ ጊዜ እንኳ ደግሞ የጫነ ሰው ያገኘው ማባያ አይደለም፤ በማንኪያ የሚጠጣ ነገር ነው።

ወዲያው የቀመሰውም ያዝናል። ስኳሩ ገና ጥርስ ሥር ይንኮሻኮሻል፣ ኮምጣጣው ዓይን ያስጨፍናል፣ ታኒን የሚባለውና በጠንካራ ሻይ ላይ የሚታወቀው አፍ የሚያደርቅ ንጥረ ነገርም ምላስን ይይዛል። መፍትሔው ሌሊቱን ብርድ ውስጥ አሳድሮ መተው ነው፤ ምክንያቱም ስኳሩ ውኃውን ከተከተፈው ፍሬ ውስጥ ይስበዋል፣ ይህም ኦስሞሲስ የተባለው፣ ውኃ ስስ ከሆነው ወገን ብዙ ስኳር ወዳለበት ወገን በሕዋስ ሽፋን በኩል የሚያደርገው ጉዞ ነው። በማግሥቱ ስኳሩ ሟሙቶ ቀይ ጭማቂ ሆኗል፣ የብርቱካኑ ልጣጭ ዘይቱን ለቋል፣ የልጣጩ ነጭ ክፍል ምሬትም ከኮምጣጣው ጋር ታርቋል። ፍሬው ቤንዞይክ አሲድ፣ ማለትም የምግብ ፋብሪካዎች ብልሽትን ለመከላከል የሚጨምሩትን ውሕድ፣ ከተፈጥሮው የያዘ በመሆኑ ማባያው ለቀናት ሳይበላሽ ይቆያል። ከዚህ የሚከተለው ትምህርት ለሰነፍ ባለሙያ ታላቅ መጽናኛ ነው፤ ከአንድ ቀን በፊት መሠራት ያለበት፣ እሳት የማይፈልግና ሳይነኩት የሚሻሻል ምግብ በበዓል ዋዜማ ከዚህ ሌላ አይገኝም።

ሥራ የሚወዱ ወገኖች ግን ፍሬውን ይቀቅሉታል። ሲፈላ ቆዳው ጧ እያለ ይፈነዳል፣ ፔክቲን የተባለው፣ በፍራፍሬ ውስጥ የሚገኝና ፈሳሽን የሚያረጋው ንጥረ ነገርም ሲቀዘቅዝ ድስቱን ሙሉ ወደ ማርማላታ ይለውጠዋል። ይህን በቆርቆሮ አሽጎ መሸጥ የጀመረው ከጠበቃነት ወደ ክራንቤሪ እርሻ የገባው ማርከስ ዩራን ሲሆን ዘመኑ እ.ኤ.አ. 1912 ነበር። በቆርቆሮው የረጋው ማባያ ሲገለበጥ ቀስ ብሎ ይንሸራተትና የቆርቆሮው ቀለበቶች በጎኑ ላይ እንደታተሙ ቆሞ ይንቀጠቀጣል፤ ይህን ሳያፈርሱ፣ ከነቀለበቱ፣ በክብር ዕቃ ላይ የሚያቀርቡና ሌላውን ዓይነት እንደ ኑፋቄ የሚቆጥሩ ቤተሰቦች ጥቂት አይደሉም። በሌላው ጫፍ የሬዲዮ ጋዜጠኛዋ ሱዛን ስታምበርግ በአሜሪካ ብሔራዊ የሕዝብ ሬዲዮ ለአሥርት ዓመታት በየበዓሉ ያስተዋወቀችው የአማቷ ማባያ ይገኛል፤ ይህኛው ጥሬውን ክራንቤሪ ከሽንኩርት፣ ከስኳር፣ ከኮምጣጣ ክሬምና ከሆርስራዲሽ፣ ማለትም ልክ እንደ ሰናፍጭ አፍንጫ ከሚሰነጥቅ ሥር፣ ጋር ያዋሕዳል፣ ቀለሙም ለጨጓራ የሚታዘዘውን ሮዝ ሽሮፕ የሚያስታውስ ነው። አሠራሩን የሰማ ሁሉ ይሳቀቃል፣ የቀመሰ ግን ብዙ ጊዜ ይደግማል።

ማባያው ምን ያህል ሥልጣን እንዳለው አሜሪካ በይፋ የተረዳችው በኖቬምበር 1959 ነው። በዓሉ 17 ቀን ሲቀረው፣ ኖቬምበር 9 ቀን፣ የጤና፣ የትምህርትና የበጎ አድራጎት ሚኒስትሩ አርተር ፍሌሚንግ ከምርቱ ከፊሉ አሚኖትሪያዞል በተባለና በአይጦች ላይ ካንሰር በታየበት የአረም ማጥፊያ መበከሉን አስታወቁ፤ ፍሬው ከየት እንደመጣ የማታውቅ የቤት እመቤት ምን ታድርግ ተብለው ሲጠየቁም አለመግዛቱ እንደሚሻል ተናገሩ። ክራንቤሪ ከየመደብሩ መደርደሪያ ወረደ፣ ገበሬው እሪ አለ፣ ተርኪውም ጠበቃ እንደሌለው ተከሳሽ ብቻውን ቀረ። በመጪው ዓመት ለፕሬዚዳንትነት የሚፎካከሩት ሁለቱ ፖለቲከኞች በዚያው ሰሞን ዊስኮንሲን ነበሩና ሪቻርድ ኒክሰን አራት ጊዜ አስጨምረው ማባያውን በሉ፣ ጆን ኬኔዲ ደግሞ ሁለት ብርጭቆ ጭማቂ ጠጡ። ሁለቱም በደኅና ውለው አደሩ፣ ሁለቱም በየተራቸው ፕሬዚዳንት ሆኑ። ለተርኪ ሲል በአደባባይ ነፍሱን ለአደጋ የሰጠ ፖለቲከኛ ግን እስካሁን አልተሰማም።

ይህ ማባያ በዋሽንግተን ዲሲ አካባቢ በሚገኙት በሲልቨር ስፕሪንግም ሆነ በአሌክሳንድሪያ ወደ ኢትዮጵያውያን ቤት የሚገባው ብዙውን ጊዜ በልጆች በኩል ነው፤ ትምህርት ቤት ስለ በዓሉ የተነገራቸው ልጆች ገበታው ሳይጎድል እንዲሟላ ይፈልጋሉ፣ ወላጅም እሺ ብሎ ከዶሮ ወጡ ጎን ቦታ ያበጃል። አቀባበሉ ግን ሁለት እንቅፋት አለበት። የመጀመሪያው ጣፋጭነቱ ነው፤ በኢትዮጵያ ማዕድ የሥጋ ማባያ አዋዜ፣ ዳጣ ወይም ሚጥሚጣ ነውና ስኳር ከሥጋ ጋር በአንድ ሳሕን መገናኘቱ እንደ ስሕተት ይቆጠራል። ሁለተኛው ጥሬነቱ ሲሆን ይህኛው የበለጠ ያስገርማል፤ ቁርጥ ሲቀርብለት ቢላ የሚያነሣ፣ ክትፎው ለብለብ ተደርጎ ከመጣ ደግሞ የሚቆጣ ጎልማሳ፣ ያልተቀቀለ ፍሬ ሲያይ ስለ ጤናው መጨነቅ ይጀምራል። ከአገር ቤት ልጃቸውን ለመጠየቅ የመጡ እናት ደግሞ በማንኪያ ጫፍ ቀምሰው፣ አንድ ዓይናቸውን ጨፍነው፣ «ልጄ፣ ምነው ሳታበስይው?» ማለታቸው አይቀርም። «እማዬ፣ እንዲህ ነው የሚበላው» የሚለው መልስ አያረካቸውም፤ «እንግዲያ ለቁርስ ነው በይኛ» ብለው ሳሕኑን ከሥጋው አርቀው ከዳቦው አጠገብ ያኖሩታል።

እናትየዋ ሳያስቡት የሠሩት ይህ ሽግሽግ ከአንድ የቀን አቆጣጠር ጉዳይ ጋር ሲገናኝ ትልቅ ትርጉም ያገኛል። የምስጋና ቀን እ.ኤ.አ. በ1941 በወጣው ሕግ መሠረት የኖቬምበር አራተኛ ሐሙስ በመሆኑ ከ22 እስከ 28 ባሉት ቀኖች መካከል ይውላል፤ ጾመ ነቢያት ደግሞ፣ ማለትም እስከ ገና የሚዘልቀው የኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን ጾም፣ ኅዳር 15 ቀን፣ በፈረንጆቹ አቆጣጠር አብዛኛውን ጊዜ ኖቬምበር 24፣ ይገባል። ስለሆነም በዓሉ በአብዛኞቹ ዓመታት ጾሙ ውስጥ ይወድቃል። ሰዓቱ እንኳን አያጣላም፤ ብዙ አሜሪካውያን ለዚህ ማዕድ የሚቀመጡት ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ገደማ ነውና ከጾመኛው ጋር ይስማማሉ። የሚያጣላው የምግቡ ዝርዝር ነው። ተርኪው ፍስክ ነው፣ የተፈጨው ድንች በወተትና በቅቤ የራሰ ነው፣ የዱባው ኬክ እንቁላልና ክሬም አለበት፤ የስታምበርግ ማባያም በክሬሙ ምክንያት ከእነዚሁ ጋር ይመደባል። ፍሬ፣ ብርቱካንና ስኳር ብቻ የሆነው ጥሬው ማባያ ግን አንዳች ሳይቀነስለት ንጹሕ የጾም ምግብ ነው። በዚህም ምክንያት ጾመኛው እንግዳ አንድ የሕግ ጥያቄ ያጋጥመዋል፤ ማባያው ተፈቅዶ፣ ማባያው የተሠራለት ምግብ ከተከለከለ፣ በምን ይበላል? መልሱን የሰጡት ሳሕኑን ወደ ዳቦው ያዞሩት እናት ናቸው፤ ለብ ባለ ዳቦ ላይ የተቀባ እንደሆነ ጾመኛው ከተርኪው ተመጋቢ ቀድሞ ይጨርሳል፣ ከምስር ወጥ ጎን ጠብ ያለበትም አልተጎዳም።

ማባያውን የሚያሰጋው እንግዲህ የጾም ሕግ ሳይሆን የረዳቶች ብዛት ነው። ማቀዝቀዣውን የከፈተ ሁሉ አንድ ነገር መጨመር ያምረዋል፤ አንዷ ዝንጅብል ትፈገፍግበታለች፣ ሌላው ቃሪያ ይቆርጥበታል። የዝንጅብሉ አይጎዳም፤ ለቃሪያውም በአሜሪካ ደቡብ ምዕራብ ጃላፔኞ ከሚባለው ቃሪያ ጋር የሚሠራ ስለሆነ መከራከሪያ አይጠፋም። ሚጥሚጣ የያዘ እጅ ሲመጣ ግን ክዳኑን ገጥሞ ቁም ማለት ይገባል፤ አዋዜ ያማረው ሰው አዋዜ መሥራት ይችላልና።

በዓሉ ካለፈ በኋላ ያለው ሳምንት የቀረውን ክርክር ይዘጋል። የተረፈው ተርኪ አርብ በሳንድዊች፣ ቅዳሜ በሾርባ፣ እሑድ በአልጫ መልክ እየተለዋወጠ ይቀርባል፣ በእነዚህ ሁሉ አጠገብ ያቺ ትንሽ ሳሕን ካልተገኘች ግን ማንም እጁን አይዘረጋለትም። ማባያው በበኩሉ በዳቦም፣ በአጃ ገንፎም፣ በባዶ ማንኪያም ይበላል። ስለዚህ ኑሮ የተወደደበት አባወራ ለከርሞው በዓል ከሁለቱ አንዱን ለመቀነስ ቢገደድ ሒሳቡ ቀላል ነው፤ ያለ ማባያ የቀረበ ተርኪ ጎረቤት ያሳማል፣ ያለ ተርኪ የቀረበ ማባያ ግን ከጾም ይቆጠርለታል።